ግድግዳችን ላይ ያለችው ሴት

ግንቦት 9 ቀን 1961፣ ቅዳሜ

ደብተሩን የሰጠኝ እሱ ነው። እጅሽ እንዳይረሳ ጻፊበት አለኝ። አራተኛ ክፍል ላይ ካቆምኩ ወዲህ ከመዝሙር መጽሐፍ በቀር ምንም አላነበብኩም። ምን ልጻፍ ብለው የሸጥነውን አለኝ። የሸጥነውን አልጽፍም። ሌላ ነው የምጽፈው... ካየው ጉዴ ነው። ግን አያየውም፣ ከጤፉ ጆንያ ሥር ነው የምከተው።

እሱ ማለት ባሌ ነው። ሰው ሁሉ ነመራ ይለዋል። እኔ ስሙን አልጠራም፣ እናቴ ነውር ነው ብላ ነው ያሳደገችኝ። አሁን ስጽፈው ራሱ ሰው የሰማኝ መስሎኝ ዞሬ አየሁ።

ዛሬ ገበያ ነበር። የነቀምት ዙሪያ ገጠር ሰው መድኃኒት ቤታችንን ሞላው። ሳል፣ የሆድ ትል፣ የዓይን ቅባት... እኔ ከመጋረጃው ጀርባ ጠርሙስ ሳጥብ ዋልኩ። ጠዋት ጠዋት ደግሞ ሥራዬ መስታወት መጥረግ ነው። የሥራ ፈቃዱ በመስታወት ተደርጎ ግድግዳው ላይ ተሰቅሏል። ገዢ እንዲያየው ነው ሕጉ። ፈቃዱ ላይ ፎቶ አለ። የሱ አይደለም። የሴት ነው።

የምሥራች ትባላለች። አዲስ አበባ ሄዳ መድኃኒት የተማረች ናት። እሱ ቁስል የሚያክም ድሬሰር ነበር እንጂ የመድኃኒት ፈቃድ የለውም። ሱቁ የሱ፣ ዕቃው የሱ፣ ፈቃዱ የሷ። እናቷ ስለታመሙ ሲሬ ነው የምትኖረው፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ብቻ በአውቶቡስ ትመጣለች። ዛሬ አልመጣችም። እናቷ ብሶባቸው ይሆናል። ደስ አለኝ፣ እግዚአብሔር ይቅር ይበለኝ።

በየማለዳው የሌላ ሴት ፊት በነጠላዬ ጫፍ እጠርጋለሁ። ፀጉሯ ከመሃል የተከፈለ፣ ነጭ ኮሌታ። ልትስቅ ስትል ነው የተነሳችው። ምን አስቋት? ማን?

ግንቦት 12፣ ማክሰኞ

እትዬ አሰፋች የራስ ምታት ኪኒን ልትገዛ መጣች። ጎረቤታችን ናት፣ ጨውና በርበሬ ትነግዳለች፣ አገሯ ጎጃም ነው፣ ምላሷ አያርፍም። ግድግዳውን አየች፣ እኔን አየች።

"ሎሚ፣ ይቺ ቆንጆ እህትሽ ናት ወይስ ጣውንትሽ?"

"ፈቃድ ናት" አልኳት። ሌላ ምን ልበል?

"የኔ ባል እንዲህ ያለ ፈቃድ አውጥቶ ቢሆን ሱቁን ነበር የማነድለት" ብላ እየሳቀች ሄደች። እኔም ሳቅሁ። ከዚያ ጓሮ ሄጄ ቆምኩ።

ጣውንት... ከተጋባን ዓመት አለፈን። ሆዴ ባዶ ነው። የሱ እናት ሲመጡ መጀመሪያ የሚያዩት ሆዴን ነው፣ ከዚያ ነው ሰላም የሚሉኝ። ወደ ጉቴ፣ ወደ አባቴ ቤት ቢመልሱኝስ? የተማረች ቢያመጣስ? ምን ይዤ ነው የምከራከረው?

ግንቦት 16፣ ቅዳሜ

መጣች። ጃንጥላ፣ ተረከዝ ያለው ጫማ። ጭቃው እሷን አይነካትም። "አካም ጂርታ ሎሚዬ" ብላ በኦሮምኛ ሰላም ትለኛለች። ቋንቋችንን እዚሁ ነው የተማረችው፣ ይሰባበርባታል፣ ሰው ግን ደስ ይለዋል። እሱን ነመራ ብላ ነው የምትጠራው። አቶ የለ፣ ኦቦ የለ። እኔ አፌ ላይ የማላወጣውን ስም እሷ እንደ ብርጭቆ አንስታ ታስቀምጠዋለች።

የመርዝ ሳጥኑን፣ አደገኛ መድኃኒት የሚቆለፍበትን፣ ከፈቱ። ቁልፉ ሁለት ነው፣ አንዱ እሱ ጋ፣ አንዱ እሷ ጋ። እኔ አልጠጋም። ሁለቱ አንድ መዝገብ ላይ አጎንብሰው ሲቆጥሩ ጭንቅላታቸው ሊነካካ... እኔ መጋረጃውን ይዤ ስንት ጊዜ እንደተነፈስኩ እንጃ።

ከዚያ ስለ ፈቃዱ አወሩ። ዓመቱ ሰኔ ሠላሳ ያልቃል፣ መታደስ አለበት። አሮጌው ከነፎቶው ይመለሳል። አዲስ ፎቶ ሁለት፣ የሐኪም ወረቀት፣ ማመልከቻ። ቅጹን እሱ ሊሞላ፣ እሷ ከታች ልትፈርም። ከዚያ በፊት ከጤና ጥበቃ መርማሪ መጥቶ ሱቁን ያያል። ሰኔ ሠላሳ ካለፈ በሩ ይታሸጋል። ይሄን ሲናገር ድምፁ ቀጠነ። እርሻውን ለወንድሞቹ ትቶ ነው ይሄን ሱቅ የከፈተው፣ ሌላ ምንም የለንም።

ፎቶ ቤት አብሯት ሄደ። መንገድ ላሳያት ብሎ። ነቀምት ውስጥ ፎቶ ቤት ይጠፋታል? ሲወጣ ፀጉሩን አበጠረ። የምትነሳው እኮ እሷ ናት።

ግንቦት 17፣ እሑድ

ቤተ ክርስቲያን ሄድን። ስብከቱ ስለ ምን እንደነበረ አላውቅም። ሁሉም ዓይኑን ጨፍኖ ሲጸልይ እኔ እሱን አየሁት። ከንፈሩ ይንቀሳቀሳል። ስለ ማን?

ግንቦት 24፣ እሑድ

ፎቶዎቹ ትናንት ደረሱ። እንዳይታጠፉ ብሎ መጽሐፍ ቅዱሱ ውስጥ ከተታቸው። ውሃ ሊቀዳ ሲወጣ የትኛው ገጽ ላይ እንደሆኑ አየሁ። ዘኁልቍ። ምን ይል ይሆን ብዬ አንድ ገጽ ሙሉ አነበብኩ። የሰው ቆጠራ ነው። የዚህ ነገድ ይሄን ያህል፣ የዚያ ነገድ ያን ያህል... ምንም አላገኘሁበትም። ግን ስንት መሳቢያ እያለ ለምን እዚያ? በአዲሱም ልትስቅ ነው የምትለው።

የኔ ፎቶ የለውም። ተነስቼ አላውቅም።

ግንቦት 28፣ ሐሙስ

ቢጫውን ሻሽ አሰርኩ። አላየም።

ሰኔ 3፣ ማክሰኞ

ምን እንዳደረግኩ ልጻፍ? ልጻፈው፣ ካልጻፍኩት ለሰው እናገረዋለሁ።

እሱ ጉቴ ሄደ፣ የታመመ ዘመድ ሊጠይቅ። ሱቁን ዝጊው፣ የመጣ ካለ ማታ ይምጣ በዪ አለኝ። ዘጋሁ። መስታወቱን ልጠርግ አወረድኩት። ጠረግኩ። እሷ እያየችኝ ነው። ከጀርባው ያሉትን ምስማሮች ሳያቸው ላልተዋል። አወጣኋቸው። ወረቀቱ እጄ ላይ ሆነ። ጀበናው እሳት ላይ ነበር፣ ውሃ ብቻ ነው ያለበት፣ እንፋሎቱ ይወጣል። ፎቶውን እንፋሎቱ ላይ ያዝኩት። ለምን? አንድ ቀን ብቻ ብዬ። አንድ ቀን እሷ ሳታየኝ ልዋል ብዬ ነው። ሙጫው ለቀቀ፣ በጥፍሬ ጠርዙን ይዤ ቀስ፣ ቀስ... ሳይቀደድ ወጣ። ገልብጬ ሳጥን ውስጥ ከተትኳት።

ከዚያ የሱ ወንበር ላይ ተቀመጥኩ። ቤቱ ሰፋብኝ። ሳላስበው ዘፈንኩ፣ መዝሙር አይደለም የዘፈንኩት፣ የሰርግ ዘፈን ነው።

ስምንት ሰዓት ሲሆን ፍርሃቱ መጣ። ማኅተሙን ያኔ ነው ያየሁት። ክቡ ማኅተም ግማሹ ወረቀቱ ላይ ነው፣ ግማሹ ፎቶው ላይ። አንበሳ አለበት። የአንበሳው ፊት ወረቀቱ ላይ ቀርቷል፣ ጭራው ከሷ ጋር ሄዷል። ዱቄት በውሃ አቡክቼ መልሼ ለጠፍኩ። ጭራው አልገጥም አለ። ወደ ላይ ስገፋው ወደ ጎን ይሄዳል፣ ወይን ጠጁ ቀለም ረጠበና ፈሰስ አለ። የሱ ድምፅ መንገድ ላይ ተሰማኝ። እንዳለ ከመስታወቱ ጀርባ ከትቼ ሰቀልኩት።

ገባ። ምን አለ የሚበላ አለኝ። አላየውም።

ሰኔ 5፣ ሐሙስ

ገዢ በገባ ቁጥር ዓይኑን ነው የምከተለው። ማንም አያየውም። ዓመት ሙሉ ሰው ሁሉ እሷን ሲያይ የሚውል ይመስለኝ ነበር።

ሰኔ 7፣ ቅዳሜ

መጣች። እሷም አላየችውም። የራሷን ፊት ማን ያያል?

ለኔ ሳሙና አመጣችልኝ፣ የሚሸት። ከዚያ ጠርሙስ አንስታ ጽሑፉን አሳየችኝ፣ ይሄ የሚጠጣ ነው፣ ይሄ የሚቀባ፣ ቀይ መስመር ያለበትን እንዳትነኪ ሎሚዬ። ቶሎ ይገባሻል አለችኝ። ደግ ባትሆን ይሻለኝ ነበር። ልጥላት ስል የምይዘው አጣሁ... ከዚያ በሆነ ነገር ስትስቅ እሱ አብሯት ሳቀ፣ ያንን ያዝኩት።

ሰኔ 11፣ ረቡዕ

መርማሪው መጣ። አቶ መሸሻ ይባላል፣ ቀጭን ሰው፣ መነጽር ያለው፣ ቁጣ የለውም፣ ቁጣ ቢኖረው ይሻል ነበር። መደርደሪያውን አየ፣ መዝገቡን አየ፣ የመርዝ ሳጥኑን ቆልፎ ከፈተ። ሁሉም ጥሩ ነው አለ። ከዚያ መስታወቱን አወረደ። ወደ በሩ ብርሃን ወሰደው። አውራ ጣቱን ማኅተሙ ላይ አደረገ።

"ይሄ ፎቶ ተነስቶ ነው የተለጠፈ።"

የባሌ ፊት አመድ መሰለ። ማንም አልነካውም ጌታዬ አለ። አቶ መሸሻ እንዲህ ያለ አይቻለሁ አለ፣ የአንዱን ሰው ፈቃድ የሌላ ሰው ፊት ለጥፈውበት። የሐሰት ከሆነ ለፖሊስ ይሄዳል፣ ባለፈቃዷም ዕድሜ ልኳን ሁለተኛ ፈቃድ አታይም። ወረቀቱን ቦርሳው ውስጥ ከተተ። ሰኞ ቢሮ ቅረቡ አለ። ከዚያ...

ከዚያ እንዲህ አለ፣ "ባለቤትህ የታሉ? ሱቁ ውስጥ መዋል ያለባቸው እሳቸው ናቸው።"

እኔ ከመጋረጃው ልወጣ አንድ እግሬን አንስቼ ነበር።

"እናቷ ታመው ሲሬ ናት" አለ ባሌ።

አቶ መሸሻ እኔን አየኝ። "ይህችስ?"

"ዘመዴ ናት። ከጉቴ።"

እግሬን መለስኩት።

ሰኔ 12፣ ሐሙስ

ትናንት አልጠየቅኩትም። ዛሬ ጠየቅኩት። ልመታ ነው ብዬ ነበር፣ አልመታኝም። ተቀመጠና መሬት መሬት እያየ በቋንቋችን ነገረኝ። የዛሬ ሁለት ዓመት ነው አለ፣ አንቺን ሳላገባ። ባለሙያዋ የት ነው የምትኖረው ብለው ጠየቁኝ፣ ሲሬ ብል ፈቃድ አይሰጡኝም። ሚስቴ ናት፣ እዚሁ ነን ብዬ ቅጹን ሞላሁ። አምናም ዘንድሮም ያንኑ ሞላሁ። እሷ ከታች ፈረመች እንጂ ከላይ ያለውን አላየችም። አታውቅም። ምንም የለም በመካከላችን፣ ወረቀት ላይ ብቻ ነው።

"እኔስ ምን ላይ ነኝ?" አልኩት።

ፎቶውን የነካካችው ራሷ ትሆናለች አለ። አዲስ ልትለጥፍ ብላ ይሆናል። ሰኞ እንደዛ እላለሁ፣ ፈቃዱ እኮ የኔ አይደለም፣ እሷ ናት ባለፈቃዷ...

ደስ አለኝ። እውነቱን ልጻፍ፣ ሆዴ ውስጥ የሆነ ነገር ደስ አለው። እሷ ትታሰራለች፣ ግድግዳው ባዶ ይሆናል። ከዚያ ደስታው ራሱ አስፈራኝ። እኔ እንዲህ ነኝ?

ሰኔ 14፣ ቅዳሜ

የምሥራች መጥታ ሰማች። ሳጥን ላይ ቁጭ አለች። አላለቀሰችም፣ እጇ ብቻ። ጓንቷን ታወልቃለች፣ ታጠልቃለች። አራት ዓመት ነው የተማርኩት አለች፣ እናቴ የምትውጠው ኪኒን በዚህ ወረቀት ነው የሚገዛው። ማን ነካው ነመራ አለችው። እንጃ አላት፣ ዓይኗን ሳያይ። ሰኞ እሷ ላይ ሊያላክክ እንደሆነ እኔ ነኝ የማውቀው፣ እሷ አታውቅም።

ወደኔ ዞረች። "ሎሚዬ፣ ሰው ገብቶ ነበር?"

አላየሁም አልኩ። ጓሮ ሄድኩ። የታጠበ ጠርሙስ መልሼ አጠብኩ።

ሰኔ 15፣ እሑድ

ነገ ነው። አልሄድም። ከሄድኩ ጉቴ ይመልሰኛል፣ የሱቁን በር በገዛ እጄ ዘግቼ ማን ቤት ውስጥ ያስቀምጠኛል? አልሄድም አልኩ እኮ።

ሰኔ 16፣ ሰኞ

ሄድኩ።

ዝናብ ነበር። እነሱ ከፊት፣ እኔ ከኋላ፣ አንድ አጥር ያህል ርቄ። አንዱ ጫማዬ ጭቃ ውስጥ ተሰነቀረ፣ ነቅዬ በእጄ ይዤው ነው የገባሁት። ዘበኛው ኢንተላ፣ አንቺ ልጅ፣ ወዴት ነው አለኝ። የታመመ ሰው አለኝ አልኩት። ውሸት ነው ይሆን? በሩ ክፍት ነበር። የሱን ድምፅ ሰማሁ፣ እኔ አላውቅም ጌታዬ፣ ምናልባት እሷ አዲሱን ልትለጥፍ ብላ... አላስጨረስኩትም። ገባሁ። ማንም አልጠራኝም። የጽሕፈት መኪና የሚመታው ሰውዬ እጁ አየር ላይ ቀረ።

"እኔ ነኝ ያነሳሁት" አልኩ።

አቶ መሸሻ መነጽሩን አወለቀ። "አንቺ ከጉቴ የመጣሽው ዘመድ አይደለሽም?"

"ሚስቱ ነኝ።"

ማኅደሩን ገለጠ። በጣቱ እየሄደ አነበበልኝ። "ባለቤት፣ ወይዘሮ የምሥራች ነው የሚለው።"

የምሥራች ወደሱ ዞረች። ቀስ ብላ ነው የዞረችው። "ሚስትህ ነኝ?" አለችው። እሱ ጫማውን ያያል። ጣራው ላይ ዝናቡ ይወርዳል።

የባልሽን ስም ከነአባቱ ተናገሪ አለኝ አቶ መሸሻ። አፌ አልከፈት አለ። ይጽፋል እኮ፣ ይጠብቃል። ነመራ ገቢሳ አልኩ። የባሌንም የአማቴንም ስም በአንድ ትንፋሽ፣ ሰው ፊት፣ መንግሥት ቤት። የት ተጋባችሁ አለኝ፣ ጉቴ ቤተ ክርስቲያን፣ ባለፈው ዓመት ጥር ላይ። ፎቶውን ለምን አነሳሽ አለኝ።

"ቀንቼ።"

የጽሕፈት መኪናው ሰውዬ ሳቀ። አቶ መሸሻ አልሳቀም። ውሸት እንደሆነስ፣ ለሷ ብለሽ እንደሆነስ ብሎ ወረቀቱን ከመሳቢያ አወጣ። ሻይ ከምታፈላው ሴትዮ የሚፈላ ውሃ አስመጣ። "እንዳነሳሽው አንሺው" አለኝ።

እዚያ ሁሉ ሰው ፊት። እንፋሎቱ ላይ ያዝኩት፣ ዱቄቱ ለሰለሰ፣ ጠርዙን በጥፍሬ ይዤ ቀስ፣ ቀስ። ወጣ። የድሮው ሙጫ ምልክት ከሥር አለ፣ አራት ማዕዘን ሆኖ። አቶ መሸሻ ፎቶውን ተቀብሎኝ ምልክቱ ላይ አስቀመጠው፣ በትንሹ ወደ ግራ ገፋው። የአንበሳው ጭራ ገጠመ። ያው ፎቶ ነው፣ ያቺው ሴት ናት። ጠጋ ብሎ ብዙ አየው። እውነተኛ ነው አለ።

የምሥራች እጇን አፏ ላይ አደረገች።

ከዚያ ግን ለየራሳችን የሚገባንን ነገረን። ለሷ፣ ፈቃድሽ ይታደሳል፣ ራስሽ ቆመሽ በምትሠሪበት ሱቅ ብቻ፣ ቅዳሜ ቅዳሜ ብሎ ሥራ የለም፣ ሁለተኛ ሳታነቢ እንዳትፈርሚ አላት። ለሱ፣ የሐሰት ቃል ሞልተሃል፣ ለዚህ ጊዜ ክስ አላቀርብብህም፣ ሱቁ ግን ባለሙያ የለውም፣ ሰኔ ሠላሳ ይታሸጋል አለው። እሱ እባክዎ ጌታዬ፣ እባክዎ ጌታዬ አለ። ሁለት ጊዜ ብቻ። ከዚያ ተወው።

ለኔ ፍርድ አልነበረውም። ጫማሽን አድርጊ አለኝ።

ሰኔ 18፣ ረቡዕ

አያናግረኝም። ትናንት አንዴ ብቻ፣ ቤቴን አፈረስሽው አለ። እኔም አንተ በወረቀት አላስገባኸኝም ነበር ልል አልኩና ተውኩት። ጀርባውን ሰጥቶኝ ይበላል። ጉቴ ሂጂ ግን አላለም። በየማለዳው እጠብቃለሁ፣ ዛሬ ይላል፣ ዛሬ ይላል። ለምን አይልም? የሚለው ጠፍቶት ነው ወይስ አፍሮ?

ከተማው ሁሉ ሰምቷል። እትዬ አሰፋች በአጥር በኩል፣ "ሎሚ፣ ሱቁን አንድጂ ብልሽ አሳሸግሽው፣ ካንቺ የኔ ይሻል ነበር" አለችኝ። ከዚያ አንድ ስኒ በርበሬ በአጥር አቀበለችኝ። ምን ለማለት እንደሆነ እንጃ።

ሰኔ 24፣ ማክሰኞ

የምሥራች መጣች፣ የመርዝ ሳጥኑን ቁልፍ ልትመልስ። እሱ አልነበረም። አዲሱን ፈቃድ ተቀብላለች፣ ሲሬ እናቷ ቤት ፊት ለፊት ልትከፍት ነው። ውሃ ሰጠኋት፣ ቆማ ጠጣች።

"አልተቀየምኩሽም ብዬ አልዋሽሽም" አለች።

ልቀበላት እጄን ዘረጋሁ፣ ብርጭቆውን አልሰጠችኝም።

"ምን አድርጌሽ ነው ሎሚ?" ሎሚዬ አይደለም ያለችው። ሎሚ።

ምንም አልኳት። አየችኝ፣ ትጠብቃለች። ስትጠሪው ስሙን እንደዛ ዝም ብለሽ... አልኩና አልጨረስኩትም፣ ሞኝ ሆኜ ተሰማኝ።

"አብሮኝ የሚሠራ ሰው ነው፣ ምን ብዬ ልጥራው?" አለች። እውነትም ምን ብላ ትጥራው? እኔ ባልሽን እንደ ባል አይቼው አላውቅም አለችኝ ደግሞ። አሁን ገባኝ አልኳት። "አሁንማ ለጽሕፈት መኪናውም ሰውዬ ገብቶታል" አለች። ልስቅ ነው ወይስ ላልቅስ ስል ብርጭቆውን መለሰችልኝና ወጣች። ቁልፉን መዝጊያው ላይ ሰቀለችው።

በሷ መቅናቴ ያበቃ መስሎኝ ነበር። ስትሄድ ጃንጥላዋን ስትዘረጋ አየኋት። ብቻዋን፣ ማንንም ሳትጠይቅ አውቶቡሱ ውስጥ ገባች፣ ወደ ራሷ ሱቅ። አሁንም ነደደኝ። ግን እሱ የለበትም የዛሬው። እንዴት እሱ ሳይኖርበት ይነደኛል?

ሰኔ 30፣ ሰኞ

አሸጉት። አቶ መሸሻና አንድ ፖሊስ። ገመድ በእጀታው አዙረው ቀይ ሰም አንጠባጠቡበት፣ ማኅተም መቱበት። መድኃኒቱ ሁሉ ውስጥ ነው፣ ሌላ ባለሙያ እስኪገኝ ወይ እስኪሸጥ ከነመደርደሪያው ይቀመጣል። መነካካት እስራት ነው አሉን። አቶ መሸሻ ወረቀት አወጣ። ባለሱቁ ይፈርማል፣ ባለቤት ይፈርማል። እሱ ፈረመ። ከዚያ ብዕሩን ለኔ ሰጠኝ፣ ሱቁ ሳይሆን እኔ እንዳልታሸግ የፈራሁ ይመስል እጄን ወደ ኋላ ሳብኩት።

"ሚስቱ ነኝ አላልሽም?" አለኝ አቶ መሸሻ።

ሎሚ ዋጋሪ ብዬ ጻፍኩ። ባለቤት ከሚለው ፊት። ፊደሌ ትልልቅ ሆነብኝ፣ መስመሩን አለፈ። ዓመት ሙሉ የተቃጠልኩለት ነገር እኮ ነው፣ ወረቀት ላይ ሚስት መባል። ቀለሙ እስኪደርቅ እፍ አልኩበት። ባሌ ሰሙን ነው የሚያየው።

ሐምሌ 19፣ ቅዳሜ

ብዙ ቀን አልጻፍኩም። ሱቁ በታሸገ በሦስተኛው ቀን ወደ ዴዴሳ ቆላ ወረደ፣ በቆሎ እርሻ ላይ ሠራተኛ የሚያክም ድሬሰር ይፈልጋሉ ብለውት። አስራ ሁለት ቀን ሠርቶ መጣ። ትናንት ማታ ያንቀጠቅጠው ጀመር። ወባ ነው፣ እሱ ራሱ ያውቀዋል። ሆስፒታል እንሂድ ብለው እምቢ አለ። እዚያ ያለ ሰው ሁሉ ያውቀኛል፣ ሱቅህ ምን ሆነ ይሉኛል አለ። ኪኒኑን ብቻ አምጪልኝ አለ ጥርሱ እየተንገጫገጨ። ታች ያለው ሌላው መድኃኒት ቤት ደግሞ ባለቤቱ አዲስ አበባ ሄዶ ተዘግቷል።

የወባ ኪኒን እኮ አለን። ሦስት ጣሳ። ሁለተኛው መደርደሪያ ላይ፣ ከሳሉ ሽሮፕ አጠገብ፣ ጨለማ ውስጥ አገኘዋለሁ። ንጋት ላይ በሩ ፊት ቆሜ ሰሙን አየሁት። ጥፍሬን ጠርዙ ላይ አደረግኩ። እኔ ማንሳት አውቃለሁ። ጀበና ብቻ ነው የሚያስፈልገኝ... እጄን አነሳሁ። አይ። ሁለተኛ አላደርገውም።

በመጀመሪያው አውቶቡስ ሲሬ ሄድኩ። መንገዱን በሙሉ ምን ትለኝ ይሆን፣ ብታባርረኝስ፣ ብትስቅብኝስ እያልኩ። ደረት የሚያህል መስኮት ያለው ትንሽ ሱቅ ነው። ሰው ሞልቶታል። ተራዬን ጠበቅኩ። ስታየኝ አልደነገጠችም፣ ፈገግም አላለች።

"ማን ነው የታመመው?"

"ነመራ" አልኩ። እንዲሁ ወጣ ከአፌ።

ስንት ቀኑ ነው፣ ያስመልሰዋል ወይ፣ ሽንቱ ምን ይመስላል አለችኝ። የማውቀውን መለስኩ። አስር ኪኒን ቆጥራ በወረቀት ጠቀለለች። ልትጽፍበት ብዕሩን አነሳችና ለኔ ገፋችልኝ። አንቺው ጻፊው፣ የምታስውጪው አንቺ ነሽ አለች። እሷ ተናገረች፣ እኔ ጻፍኩ። መጀመሪያ አራት። ከስድስት ሰዓት በኋላ ሁለት። ነገ ሁለት። ከነገ ወዲያ ሁለት። ምግብ ሳይቀምስ እንዳይውጥ። አንብቢልኝ አለች፣ አነበብኩላት። ልክ ነው አለችና ከኋላዬ ያለውን ሰው ጠራች።

ስምንት ሰዓት ላይ ቤት ገባሁ። ትንሽ ገንፎ ሰጥቼ አራቱን አስዋጥኩት። የሱን የእጅ ሰዓት አውልቄ እኔ እጅ ላይ አሰርኩት።

ተኝቶ ነበር፣ አሁን ነቃ። ከሷ ነው ያመጣሽው አለኝ። አዎ አልኩት። ደህና ናት ወይ አለኝ። ደህና ናት አልኩት። ትንሽ ነደደኝ። ትንሽ ነው፣ አለፈ። ላብ አጥምቆታል፣ ግንባሩን ጠረግኩለት። እንዳትሄጂ አለኝ፣ ዓይኑን ሳይገልጥ፣ የት እንዳልሄድ እንደሆነ አልነገረኝም።

የምሄድበት የለም፣ ሰዓት እየጠበቅኩ ነው። አሁን አስራ አንድ ከሩብ ነው። ሁለት ሰዓት ላይ ሁለት። ነገ ሁለት። ከነገ ወዲያ ሁለት።